ስለ ቦረና ደጋና ስለ እንፋሎት ባቡር

ከደሴ ተነሥቶ ወደ ምዕራብ የሚጓዝ ሰው አስቀድሞ የሚቀበለው የጉጉፍቱ ብርድ ነው። በዚያ ከፍታ ላይ ነፋሱ ከበርኖስ ሥር ይገባል፤ ጭጋጉም አንዳንድ ጊዜ መንገዱን ይዞ ይቆያልና ሾፌሩ በቀን መብራት አብርቶ ቀስ እያለ ይሄዳል። ከዚያ ወዲያ የለጋምቦ ደጋ አለ። አቀስታን ካለፉ በኋላም ገብሱና ስንዴው፥ ባሕር ዛፉና የድንጋዩ ካብ እየተፈራረቀ እስከ ቦረና ያደርሳል። የቦረና ዋና ከተማ መካነ ሰላም ናት፤ ከደሴም ወደ 180 ኪሎ ሜትር ትርቃለች።

ስሟን ሰምቶ ብቻ የሚፈርድ ሰው ለጥ ያለ ሜዳ ያስብ ይሆናል፤ ነገር ግን ቦረና በገደል የተከበበ አገር ነው። በስተ ምዕራብ ምድሩ በድንገት ይቆረጥና የዓባይ ሸለቆ ይከፈታል፤ ማዶ የሚታየው ጎጃም ነው። በስተ ሰሜን ሳይንት አለ፤ እርሱም በጥንታዊቱ በተድባበ ማርያም የታወቀ ነው። የደንቆሮ ጫካም በዚሁ አገር ይገኛል፤ ጅብራ የሚበቅልበት፥ ጭላዳና ቀይ ቀበሮ የሚኖርበት ስፍራ ሲሆን ዛሬ በብሔራዊ ፓርክነት ተከልሏል። እንዲህ ባለው አገር ሸክም ሁሉ በሰው ጫንቃና በአህያ፥ በበቅሎም ጀርባ ሲሄድ ኖሯል። ሐዲድ ከቶ አልደረሰበትም። ይህን አስቀድመን መናገራችን ቀጥሎ ስለምንጽፈው ነገር አንባቢዎቻችን እንዳይደናገሩ ብለን ነው።

በመካነ ሰላም በተቀመጥንበት ጊዜ አንድ ቀን በማለዳ ሴቶች ጆንያ አዝለው፥ ልጆችም አህያ እየነዱ ወደ አንድ ወገን ሲጎርፉ አየን። ወደ አንዲት ባልቴት ቀርበን፥ «እማማ፥ እንዲህ ማልደው ወዴት ይሄዳሉ?» ብለን ብንጠይቃቸው፥ «ባቡር ቤት ነዋ ጌታዬ! ከዘገየን ተራው አይደርሰንም» አሉን።

ባቡር ቤት የተባለው የእህል ወፍጮ ቤት ነበር። በብዙው የደጋ ገጠር በሞተር የሚዞር ወፍጮ ባቡር ይባላል። ከከተማ የሚመጣ ሰው ይህን ሲሰማ ይስቃል፤ ነገር ግን የቃሉን ሥር የመረመረ እንደሆነ የሚያስቅ ነገር አያገኝበትም። ባቡር የሚለው ቃል ወደ እኛ የመጣው በዓረብኛ በኩል ሲሆን፥ ዓረቦቹም ከፈረንጆቹ «ቫፐር» ወይም «ቫፖሬ» ከሚለው ቃል ወስደውታል። ትርጓሜውም እንፋሎት ማለት ነው። አባቶቻችን በሐዲድ ላይ የሚሄደውን የምድር ባቡር ብለው መጥራታቸው ባቡር ብዙ ዓይነት እንደ ሆነ ስለሚያውቁ ነበር። እንግዲህ የቦረናዋ ባልቴት ቃሉን ከጣቢያ ሠራተኛው ያላነሰ በሥርዓቱ ያዙት እንጂ አላበላሹትም።

ወደ ቤቱ ገብተን ሞተሩን ተመለከትነው። አንድ ትልቅ የብረት መንኰራኵር፥ አንድ ረጅም ቀበቶ፥ ከጣራው በላይ የወጣ የጢስ ቧንቧ አለው። ድምፁ ዝግ ያለና የማያቋርጥ ነው፤ ከሩቅ ሲሰሙት የልብ ትርታ ይመስላል። በጐኑ ላይ ዱቄትና ዘይት የተጋገረበት ትንሽ የነሐስ ሰሌዳ ነበረበት፤ በጨርቅ ብንጠርገው የሠሪው ስም ሊስተር፥ ከተማውም ዱርስሌይ መሆኑ ተነበበ። ይህ ኩባንያ በእንግሊዝ አገር በ1867 በፈረንጅ ቍጥር የተቋቋመ ነው። በመጀመሪያ ለእርሻና ለወተት ሥራ የሚሆን ዕቃ ይሠራ ነበር፤ ኋላ በናፍጣ የሚሠራ፥ ቀስ ብሎ የሚዞር፥ ብዙ ዘመን የሚታገሥ ሞተር አወጣ። የዚህንም አምሳያ ሕንዶች በራጅኮት ከተማ እየሠሩ በዓለም ላይ በተኑት። በእንፋሎት የሚሠራ አይደለም፤ ስሙን ግን ከእንፋሎቱ ወርሷል።

ባልቴቲቱ ተራቸውን ሲጠብቁ አጠገባችን ተቀምጠው ነበርና ባቡሩ ሳይመጣ በፊት እንዴት ይፈጩ እንደ ነበር ጠየቅናቸው። «ዶሮ ሳይጮኽ ተነሥቼ ነዋ! ተንበርክኬ መጁን ስገፋ ይነጋል። አሥራ አንድ ሰው በዚያ ድንጋይ አብልቻለሁ። ጉልበቴን የበላው ዕድሜ አይደለም ጌታዬ፥ መጁ ነው። አንቱ እንጀራውን ያውቁታል እንጂ ድንጋዩን አያውቁትም» አሉን። የምንመልሰው ስላልነበረን ዝም አልን። ነገሥታቱ ያስመጡት ሞተር ሁሉ ቀኑ በመጽሐፍ ተጽፏል፤ ሴቶቹን ከመጁ ያስነሣው የመጀመሪያው ወፍጮ ወደ እያንዳንዱ ወረዳ የገባበትን ቀን ግን የመዘገበ ጸሐፊ ያለ አይመስለንም። ይህ ደግሞ የእኛ የጸሐፊዎቹ ነገር ነው።

አሁን ስለ እውነተኛው የእንፋሎት ባቡር እንናገር። የውጭውን አገር ነገር በፈረንጅ ቍጥር፥ የአገራችንን በራሳችን ቍጥር እንጽፋለን።

አሠራሩ እንዲህ ነው። በምድጃው ውስጥ ከሰል ወይም እንጨት ይነድዳል፤ እሳቱ በብዙ ቀጫጭን ቧንቧ እያለፈ በትልቁ የብረት በርሜል ያለውን ውኃ ያፈላል። እንፋሎቱ መውጫ ሲያጣ ይጨነቅና ኀይል ያገኛል፤ ወደ ሲሊንደሩ ሲለቀቅም ፒስቶኑን ወዲያና ወዲህ ይገፋል፥ ፒስቶኑ ዘንጉን፥ ዘንጉም መንኰራኵሩን ያዞራል። ሥራውን የጨረሰው እንፋሎት በጢስ መውጫው በኩል ሲወጣ ከኋላው አየር ይስባል፤ አየሩም እሳቱን ያነድዳል። ስለዚህ ባቡሩ በብርቱ በሠራ መጠን እሳቱ ራሱ እየበረታ ይሄዳል። ከሁሉ ይልቅ የምናደንቀው ይህን ነው፤ ብዙ ሠራተኛ እንዲህ አይደለምና።

ሰዎች የምድር ባቡር ሲባል መንገደኛ የሚጭነውን ያስባሉ፤ ነገር ግን የመጀመሪያው ባቡር የፋብሪካ አገልጋይ ነበር። በየካቲት 1804 ሪቻርድ ትሬቪቲክ የሚባል እንግሊዛዊ በዌልስ አገር ፔኒዳረን በሚባለው የብረት ማቅለጫ 10 ቶን ብረትና 70 ሰው በእንፋሎት ጎትቶ አሳየ። ሐዲዱ ከክብደቱ የተነሣ ይሰበር ነበርና ነገሩ ለጊዜው ቆመ። ከዚያ በኋላም ቢሆን በድንጋይ መፍለጫው፥ በከሰል ጕድጓዱ፥ በሸንኰራ እርሻውና በወደቡ ሲሠሩ የኖሩት ትንንሾቹ ባቡሮች ናቸው፤ ማንም ሥዕላቸውን በሳሎን አይሰቅልም።

እነዚህን የሚሠሩት ኩባንያዎች እንደ አንድ ሰፈር አንጥረኞች ተጠጋግተው ይኖሩ ነበር። በሊድስ ከተማ ሐንስሌት በሚባለው ሰፈር ብቻ ማኒንግ ዋርድል በ1858፥ ሐንስሌት ኩባንያም በ1864 ተቋቁመው ጎን ለጎን ይሠሩ ነበር። በጀርመን አገር ኦረንስታይንና ኮፐል በ1876 በበርሊን ተመሠረተ። በፈረንሳይ ደኮቪል የሚባለው ሰው ራሱ ገበሬ ስለ ነበረ፥ ተሸክመው የሚያነሡትና ሌላ ቦታ የሚዘረጉት ቀላል ሐዲድ ሠራ። በአሜሪካ የፊላደልፊያው ባልድዊን በዘመኑ ከ70,000 በላይ ባቡር አውጥቷል። እያንዳንዱ ባቡር በጐኑ ላይ የሠሪው ስም፥ ተራ ቍጥሩና ዓመቱ የተጻፈበት ሰሌዳ ነበረው። ማኒንግ ዋርድል በ1927 ሲዘጋ ሥዕሉና ንድፉ ወደ ጎረቤቱ ኩባንያ ተላለፈ፤ ያም ሲቆም ወደ ሌላ ሄደ። ኩባንያው ሲሞት ንድፉ የሚወርሰው ማግኘቱ መልካም ልማድ ነው፤ ባቡሩ ቢሰበር መለዋወጫውን የት እንደሚጠይቁ ይታወቃልና።

ወደ አገራችን እንመለስ። ከመካነ ሰላም ወደ ሰሜን፥ ሳይንትን አልፎ፥ በዚያው በምዕራቡ የወሎ ደጋ ላይ መቅደላ አለ። በእኛ ግምት በኢትዮጵያ የእንፋሎት ታሪክ የሚጀመረው ከዚህ አምባ ነው፤ ምንም እንኳ ባቡር መቅደላን ባያያት።

ዓፄ ቴዎድሮስ ከፈረንጆች አብዝተው ይፈልጉ የነበረው የእጅ ባለሙያ ነበር። በደብረ ታቦር አጠገብ በጋፋት ያስቀመጧቸው ወንጌላውያን ሠራተኞች፥ ከባዝል አጠገብ ካለው ከክሪሾና ትምህርት ቤት የመጡት ጭምር፥ ሊያስተምሩ መጥተው መድፍ ቀላጭ ሆኑ። ንጉሡም ፍላድ የሚባለውን ሰው በ1858 ዓ.ም. ወደ እንግሊዝ ልከው ባለሙያና የሥራ መሣሪያ እንዲላክላቸው ጠየቁ። የእንግሊዝ መንግሥት ሰዎቹንም መሣሪያውንም እስከ ምጽዋ አደረሰ፤ ነገር ግን እስረኞቹ አስቀድመው ካልተፈቱ አይገቡም ተባለና፥ ንጉሡም እስረኞቹን አልለቅም ስላሉ፥ ከምጽዋ ተመለሱ። ይህን ባነበብን ቍጥር ልባችን ይቈጫል። ጥፋቱ የማን እንደ ሆነ መፍረድ የዚህ ገጽ ሥራ አይደለም፤ ነገር ግን መዶሻና መቁረጫ የያዙ ሰዎች ከደጃፍ ተመልሰው፥ በሚቀጥለው ዓመት በዚያው ባሕር የመጡት ወታደሮች ነበሩ።

በጥቅምት 1860 ዓ.ም. የእንግሊዝ ጦር ቀዳሚው ክፍል ዛሬ የኤርትራ ምድር በሆነው በዙላ ወረደ። ኋላ በጀኔራል ናፒየር ሥር የተሰበሰበው ጦር ወደ 13,000 ወታደር ሲሆን፥ አገልጋዩና ጋማ ከብቱ ከዚህ ብዙ እጥፍ ነበር፤ ከሕንድም መድፍ የሚሸከሙ 44 ዝሆኖች መጡ። ዙላ ውኃ የሌለባት በረሃ ናትና በመርከቦቹ የእንፋሎት ዕቃ የባሕሩን ውኃ እያፈሉ፥ ጨዉን እየለዩ ለሰውና ለከብት አጠጡ። ቀጥሎም ከወደቡ እስከ ኵማይሌ፥ እስከ ተራራው ግርጌ፥ 12 ማይል ያህል ሐዲድ ዘረጉ። ሐዲዱና ባቡሮቹ ከሕንድ አገር የመጡ፥ የተለያየ ዓይነትና ያረጁ ነበሩ፤ ፉርጎዎቹም እንደ ልብ የሚሠሩ አልነበሩም። ሆኖም በዚህ በእኛ ምድር የመጀመሪያው የባቡር ጩኸት የተሰማው በዚያ ነው። ሐዲዱን የዘረጉት ከሕንድና ከቻይና የመጡ የቀን ሠራተኞች ሲሆኑ፥ ሥራው እጅግ ስለ ዘገየ ይበልጥ የጠቀመው ጦሩ ሲመለስ ነበር። ጉዳዩ በተፈጸመ ጊዜም ነቅለው ወሰዱት። ለአንድ ዓመት እንኳ ያልሞላ ሐዲድ!

በዚያው ወራት ዓፄ ቴዎድሮስ ሴባስቶፖል የተባለውን ታላቅ መድፋቸውን ይዘው ከደብረ ታቦር ወደ መቅደላ ይጓዙ ነበር። መድፉ 7 ቶን ያህል ይመዝናል። በሠረገላ ላይ ጭነው በብዙ መቶ ሰው ያስጎትቱት ነበር፤ መንገድ አልነበረምና ንጉሡ ራሳቸው በእጃቸው ድንጋይ እያነሡ መንገዱን አብጅተዋል። የጂዳንና የበሽሎን ገደል ቁልቁል ለማውረድና ዳገቱን ለማውጣት የፈጀውን ጊዜ የሚያስረዳን ጉዞው ከ1860 ዓ.ም. መጀመሪያ አንሥቶ እስከ መጋቢት መቆየቱ ነው። አንደኛው ወገን ከባሕር ዳር በእሳትና በውኃ፥ ሁለተኛው በሰው ትከሻ ወደ አንድ አምባ ሲገሰግሱ እናስብ። የሁለቱንም መንገድ በደጋ የሚጓዝ ሰው ብቻ በትክክል ይመዝነዋል፤ የእንግሊዞቹ ባቡር እስከ ተራራው ግርጌ ብቻ ነበርና፥ ከዚያ ወዲያ ያለውን 600 ኪሎ ሜትር ያህል እነርሱም በእግርና በከብት ነው የመጡት። ሚያዝያ 6 ቀን 1860 ዓ.ም. የሆነውን ሁሉም ያውቀዋል። ሴባስቶፖል ዛሬም በመቅደላ አምባ ላይ አለ፤ በአዲስ አበባ በቴዎድሮስ አደባባይ የሚታየው አምሳያው ነው።

ከዚህ በኋላ እንፋሎት ወደ ኢትዮጵያ የገባው በሰላም ነው። በ1896 ዓ.ም. ገደማ ሰርኪስ ተርዚያን የሚባለው አርመናዊ ሐዲድ ሳይፈልግ በመንገድ የሚሄድ የእንፋሎት ሞተር ለዳግማዊ ዓፄ ምኒልክ አስመጣ፤ የሰርኪስ ባቡር የሚባለው ይህ ነው፤ ሥራውን ካቆመ በኋላም ስሙ በአዲስ አበባ ሰው አፍ ቀረ። ዋናው ግን የጅቡቲው መሥመር ነው። መጋቢት 1 ቀን 1886 ዓ.ም. ፈቃዱ ለሙሴ ኢልግ ተሰጠ፤ ሥራው በ1890 ዓ.ም. ከጅቡቲ ተጀምሮ በ1895 ዓ.ም. ድሬ ዳዋ ደረሰ። የፊተኛው ኩባንያ ገንዘብ አጥሮት ከሰረና ሌላ ተተክቶ፥ ባቡሩ በ1909 ዓ.ም. አዲስ አበባ ገባ። ርዝመቱ 784 ኪሎ ሜትር ነበር። ሌሊት ስለማይሄድ መንገደኛው በድሬ ዳዋና በአዋሽ እያደረ በሦስተኛው ቀን ይደርስ ነበር። ለዚህ መሥመር ባቡር ከሠሩት አንዱ በስዊስ አገር በዊንተርቱር ከተማ በ1871 የተቋቋመው ፋብሪካ ነው። ሙሴ ኢልግ የተወለደው ከዚያች ከተማ ብዙም በማይርቀው በፍራውንፌልድ ነበርና፥ ሰው በሩቅ አገር ቢሠራም የሰፈሩን አንጥረኛ አይረሳም ማለት ነው። ይኸው ፋብሪካ በ1943 ዓ.ም. ገደማ የናፍጣ ባቡር ሠርቶ ላከ፤ በዚያም የእንፋሎቱ ዘመን ማምሸት ጀመረ። ዛሬ ከአዲስ አበባ ወደ ጅቡቲ የሚሄደው በ2009 ዓ.ም. የተመረቀው በኤሌክትሪክ የሚሠራው ባቡር ነው።

በኤርትራ በኩል ያለው ነገር ሌላ ነው፤ እኛንም ይበልጥ የነካን እርሱ ነው። ጣልያኖች ከምጽዋ አስመራ ያለውን 118 ኪሎ ሜትር በ1911 ፈጸሙት። ከባሕር ጠረፍ ተነሥቶ ከ2,300 ሜትር በላይ የሚወጣ ሐዲድ ነውና፥ በጠባብ ኵርባ የሚታጠፉ፥ ሁለት የመንኰራኵር ክፍል ያላቸው ባቡሮች ከጄኖቫው ከአንሳልዶ፥ ትንንሾቹም ከሚላኖው ከብሬዳ መጡ። በጦርነቱ ዘመን ሐዲዱ ተነቅሎ ለምሽግ ዋለ። ሰላም ሲሆን የውጭ ኩባንያዎች ለጥገናው የጠየቁት ገንዘብ ብዙ ነበርና፥ ጡረታ የወጡት የባቡር ሽማግሌዎች ተጠሩ። ሰባና ከዚያ በላይ የሆናቸው ሰዎች መጥተው የቆሙትን ባቡሮች ፈትተው ገጠሙ፤ የጐደለውን ራሳቸው ቀጠቀጡ፤ በ2003ም በፈረንጅ ቍጥር ባቡሩ ከምጽዋ አስመራ ወጣ። ንድፉ በወረቀት ሳይሆን በእጃቸው ነበር ማለት ነው።

ለቦረና ደጋ ከሁሉ የቀረበው ሐዲድ ከአዋሽ ተነሥቶ በኮምቦልቻ በኩል ወደ ሐራ ገበያ የሚሄደው ነው። ያፒ መርከዚ የሚባለው የቱርክ ኩባንያ በ2007 ዓ.ም. ሥራውን ጀምሮ ዘረጋው፤ ርዝመቱ 390 ኪሎ ሜትር ያህል፥ ኀይሉም ኤሌክትሪክ ሆኖ የታሰበ ነው። በ2014 ዓ.ም. በጦርነቱ ብዙ ጉዳት ደረሰበት። ከመካነ ሰላም ኮምቦልቻ ለመድረስ ያንኑ የጉጉፍቱን ብርድ ማለፍ ግድ ነው።

በወረዳ ሥራ ላይ ያላችሁ ክቡራን አንባቢዎቻችን አንድ ነገር እንለምናችኋለን። በየግዛታችሁ ያረጀ የወፍጮ ሞተር፥ የእንጨት መሰንጠቂያ ወይም ከጣልያን ዘመን የቀረ ባቡር በቍራጭ ብረት ስም ከመሸጡ በፊት፥ የነሐስ ሰሌዳውን በዘይት ጠርጋችሁ የሠሪውን ስም፥ ቍጥሩንና ዓመቱን በወረቀት ገልብጡልን፤ ወደ አገሩ ማን እንዳስገባውና በየትኛው ዘመን እንደ ገባም ከሽማግሌዎች ጠይቁ። ከባልቴቶችም መጠየቅ አይዘንጋ፤ ወፍጮው ሥራ የጀመረበትን ዓመት ከወንዶቹ ይልቅ አጥርተው የሚያስታውሱት እነርሱ ናቸው።